ስለ ስደት የሚናገረው ካሜራ በማን እጅ ይሁን?

ለልደታ ክፍለ ከተማ ባህል፣ ኪነ ጥበብና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤት
እንዲሁም ለክፍለ ከተማው ነዋሪ ሕዝብ
አዲስ አበባ

ጉዳዩ፦ ከስደት የተመለሱና ከቀዬአቸው የተነሡ ሰዎች ታሪካቸውን ራሳቸው በዘጋቢ ፊልም የሚቀርጹበት፣ የሚያሳዩበትና በአደራ የሚያስቀምጡበት ቦታ በልደታ እንዲከፈት ስለመጠየቅ

በልደታና በዙሪያዋ ባሉ ሰፈሮች ስደት ያልነካው ቤት ማግኘት ቀላል አይደለም፤ ሆኖም ስደት በአደባባይ ሲነሣ ጎልቶ የሚሰማው የተሰደደው ሰው ድምፅ ሳይሆን ስለ እርሱ የሚናገሩ ባለሥልጣናት፣ ጋዜጠኞችና የረድኤት ድርጅቶች ድምፅ ነው። ይህ ደብዳቤ ጽሕፈት ቤቱ በአቅሙ ይህን እንዲያስተካክል ይጠይቃል፤ ለጥያቄውም ምስክር የሚያደርገው ከልደታ ጋር በምትዋሰነው ቂርቆስ ተወልዶ ያደገ አንድ ስደተኛ የፊልም ባለሙያ በጣሊያን አገር የሠራውን ሥራ ነው። ዘጋቢ ፊልም ሲባል ተዋናይ የሚጫወተው ልብ ወለድ ሳይሆን እውነተኛ ሰዎች በእውነተኛ ቦታ ስለ ራሳቸው ሕይወት የሚናገሩበት ፊልም ማለት ነው፤ ይሁን እንጂ ታሪኩ ከየት እንደሚጀምርና የት እንደሚያበቃ፣ ማን ቀድሞ እንደሚናገር፣ የትኛው ቃል እንደሚቀርና የትኛው እንደሚወጣ የሚወስነው ሠሪው ስለሆነ፣ ካሜራውን የያዘው እጅ የማን ነው የሚለው ጥያቄ ከሙያ ጥያቄነት አልፎ የፍትሕ ጥያቄ ይሆናል።

ይህ የፊልም ባለሙያ፣ ዳግማዊ ይመር፣ በአዲስ አበባ የሕግ ተማሪ ነበር። ከ1997 ዓ.ም. ምርጫ በኋላ በተፈጠረው ሁከት በከተማዋ ወጣቶች ሲገደሉና በገፍ ሲታሰሩ አገሩን ለቆ ከሱዳን ወደ ሊቢያ የሚወስደውን በረሃ አቋረጠ፤ በሊቢያም በአሻጋሪ ደላሎችና በፖሊሶች እጅ ብዙ መከራ ካየ በኋላ ሐምሌ 23 ቀን 1998 ዓ.ም. በጀልባ ላምፔዱዛ ደረሰ። ላምፔዱዛ በካርታ ላይ ከሲሲሊ ይልቅ ለቱኒዚያ ጠረፍ የምትቀርብ፣ በአሣ ማጥመድና በጎብኚዎች የምትተዳደር ትንሽ የጣሊያን ደሴት ስትሆን፣ ባለፉት ሦስት ዐሥርት ዓመታት ግን ስሟ የገነነው ከሰሜን አፍሪካ በሚነሡ ጀልባዎች ምክንያት ነው። ከዚያ ወደ ሮም የተሻገረው ዳግማዊ አሲኒታስ የተባለ ማኅበር ለስደተኞች በከፈተው የጣሊያንኛ ትምህርት ቤት ገብቶ ከአዲሱ ቋንቋ ጋር የቪዲዮ ሥራን ተማረ፤ እ.ኤ.አ. በ2007 ከሌሎች አምስት ስደተኞች ጋር «በረሃውና ባሕሩ» የሚለውን ፊልም ሠራ፤ በዓመቱም ከጣሊያናውያኑ ከአንድሬያ ሴግሬና ከሪካርዶ ቢያዴኔ ጋር «እንደ ሰው በምድር ላይ» የተባለውን የአንድ ሰዓት ዘጋቢ ፊልም ይዞ ወጣ።

ይህ ፊልም እንዴት እንደተሠራ ማስተዋል ለዚህ ደብዳቤ ጉዳይ ከሁሉ በላይ ይጠቅማል። ዳግማዊ የሚጠይቃቸው ሰዎች በአብዛኛው የሄደበትን መንገድ የሄዱ፣ የአገሩ ልጆች የሆኑ ወንዶችና ሴቶች ናቸው፤ የሚጠይቃቸውም በአማርኛ ነው። ጠያቂውም ተጠያቂውም በረሃውን ስለሚያውቁት፣ ከውጭ የመጣ ጋዜጠኛ በመጀመሪያው ደቂቃ የሚጠይቀውን «ለምን መጣችሁ?» የሚል ጥያቄ ለመመለስ ጊዜ አይባክንም፤ ንግግሩ በቀጥታ ወደ ውስጥ ይገባል። ሰዎቹ በሊቢያ ጠረፍ ከተያዙ በኋላ መስኮት በሌለው የብረት ኮንቴይነር ውስጥ ተጭነው፣ ሰው በሰው ላይ ተደራርቦ፣ በጠራራ ፀሐይ በረሃውን አቋርጠው ወደ ኩፍራ እስር ቤት እንዴት እንደተወሰዱ፣ እዚያም ፖሊሶች ለደላሎች እንዴት እንደሸጧቸው፣ ደላሎቹም እንደገና ገንዘብ ተቀብለው ወደ ጠረፍ እንዴት እንደመለሷቸው ይናገራሉ፤ የተመለሰውም ዳግመኛ ይያዛል፣ ዳግመኛ ይጫናል፣ ዳግመኛ ይሸጣል። ኩፍራ በደቡብ ምሥራቅ ሊቢያ በሰሃራ መካከል የምትገኝ ከተማ ናት፤ ከፊልሙ በፊት ስሟን የሚያውቅ አውሮፓዊ ጥቂት ነበር፤ በአዲስ አበባ ግን ልጃቸው በዚያ መንገድ የሄደባቸው እናቶች ስሟን ያውቁት ነበር።

ፊልሙ የደላሎችን ጭካኔ ቆጥሮ አያበቃም። ጣሊያንና የአውሮፓ ኅብረት ስደተኛው ባሕሩን ሳይሻገር እዚያው በሊቢያ እንዲታገት ገንዘብና ዕቃ ይሰጡ እንደነበር ያጋልጣል፤ እንዲያውም የአውሮፓ ኮሚሽን ወደ ሊቢያ የላከው የባለሙያዎች ቡድን ባወጣው ሪፖርት፣ ጣሊያን ለሊቢያ ካቀረበቻቸው ዕቃዎች መካከል ከጀልባዎቹና ከብርድ ልብሶቹ ጋር 1,000 የአስከሬን መያዣ ከረጢቶች ተዘርዝረው ይገኛሉ። ፊልሙ የወጣው ጣሊያንና የጋዳፊ መንግሥት ነሐሴ 24 ቀን 2000 ዓ.ም. በቤንጋዚ የወዳጅነት ስምምነት በተፈራረሙበት ወቅት ሲሆን፣ ስምምነቱን ተከትሎ ከ2001 ዓ.ም. ሚያዝያ መጨረሻ ጀምሮ የጣሊያን መርከቦች በባሕር ላይ ያገኟቸውን ስደተኞች ማንነታቸውን ሳያጣሩ ወደ ትሪፖሊ ይመልሱ ጀመር። ከተመላሾቹ መካከል 11 ሶማሌዎችና 13 ኤርትራውያን ጉዳያቸውን በስትራስቡርግ ለሚገኘው የአውሮፓ የሰብአዊ መብቶች ፍርድ ቤት አቅርበው፣ ፍርድ ቤቱ የካቲት 15 ቀን 2004 ዓ.ም. ጣሊያን መብታቸውን እንደጣሰች ወሰነ። ፍርዱን የሰጡት ዳኞች እንጂ ፊልሙ አይደለም፤ ነገር ግን በሊቢያ እስር ቤቶች ውስጥ የሚሆነውን ነገር ሕግ ሊሰማው ከመቻሉ ከሦስት ዓመታት በላይ ቀደም ብሎ በገዛ አንደበታቸው ለጣሊያን ሕዝብ ያሰሙት በአማርኛ የተናገሩ ስደተኞች ነበሩ።

በዚህ ቦታ አንድ ታሪካዊ ነገር ማስታወስ ተገቢ ነው። በ1928 ዓ.ም. የፋሺስት ጦር ኢትዮጵያን ሲወርር ኢስቲቱቶ ሉቼ የተባለው የመንግሥት የፊልም ተቋም ካሜራ ጭኖ ከጦሩ ጋር ዘምቶ ነበር፤ በዚያ ካሜራ ፊት ኢትዮጵያዊው የሚታየው እጁን እንደሰጠ፣ እንደተሸነፈ፣ ሥልጣኔ እንደሚጠብቅ ሰው ሆኖ ሲሆን፣ የራሱ ንግግር ግን በዚያ ፊልም ውስጥ አይሰማም። ከሰባ ዓመታት በኋላ በዚያው በሮም ከተማ አንድ የአዲስ አበባ ልጅ ካሜራ አንሥቶ ጣሊያንን ራሷን መጠየቁ በአገራችን የፊልም ታሪክ ውስጥ ከፍ ያለ ስፍራ ሊሰጠው የሚገባ ነገር ነው፤ በየትምህርት ቤቱ ገና አለመነገሩም ያሳዝናል።

እ.ኤ.አ. በ2009 ዳግማዊ ከሮም ወጣ ብላ በምትገኘው ካስቴልኑዎቮ ዲ ፖርቶ በጥገኝነት ጠያቂዎች ማቆያ የሚኖሩ ሁለት ሶማሌ ወጣቶችን ተከትሎ ቀረጸ። እ.ኤ.አ. በ2011 በወጣው «ባሕሩ ብቻ» በተሰኘው ፊልም ደግሞ ከሌሎች ሁለት ባልደረቦች ጋር ወደ ላምፔዱዛ ተመልሶ፣ ስደተኛውን ሳይሆን የደሴቲቱን ነዋሪዎች ጠየቀ። ደሴቲቱ በቴሌቪዥን የምትታየው ሁልጊዜ በአንድ ዓይነት ምስል ነው፤ ጀልባ፣ ወደብ፣ በብርድ ልብስ የተጠቀለሉ ስም የለሽ ሰዎች። ዳግማዊ ግን በዚያ ወደብ ላይ ከጀልባ የወረደ ሰው ሆኖ ሳለ፣ አሣ አጥማጆቹ መንግሥታችን ረስቶናል ብለው የሚያቀርቡትን ቅሬታ ቁጭ ብሎ አዳመጠ፤ በዚህም ስለ እርሱ ሲወራ የኖረው ሰው የሌላውን ችግር የሚሰማና የሚያሰማ ሆነ። ባለቤትነት ወይም የአንድ ቦታ ሰው መሆን የሚባለው ስሜት የሚገኘው ወረቀት በማግኘት ብቻ እንዳልሆነ፣ የጎረቤትን ጉዳይ እንደ ራስ ጉዳይ ለመጠየቅ በመቻልም ጭምር እንደሆነ ከዚህ ፊልም የበለጠ በግልጽ ያሳየ ሥራ ማግኘት ያዳግታል። እ.ኤ.አ. በ2013 የተሠራው ሌላው ፊልሙ ደግሞ በሚላኖና በፍሎረንስ በዘረኞች ጥቃት ተወግተውና ተተኩሶባቸው የተረፉ ሴኔጋላውያንን ታሪክ ይተርካል።

ከሁሉም ሥራዎቹ ይህ ደብዳቤ በልደታ አስቀድሞ ይታይ ዘንድ የሚጠይቀው ግን «አስማት»ን ነው፤ ቃሉ እዚህ የተወሰደው ስሞች በሚለው የግእዝ ፍቺው ነው። መስከረም 23 ቀን 2006 ዓ.ም. ንጋት ላይ ከሊቢያ የተነሣች ጀልባ ከላምፔዱዛ ጠረፍ ብዙ ሳትርቅ በእሳት ተያይዛ ሰጠመች፤ 368 ሰዎች ሞቱ፣ 155 ተረፉ፤ አብዛኞቹ ኤርትራውያን ነበሩ። በቀጣዮቹ ቀናት የዓለም መገናኛ ብዙኃን የዘገቡት በአውሮፕላን ማረፊያ መጋዘን ውስጥ የተደረደሩትን፣ ቁጥር የተለጠፈባቸውን የሬሳ ሣጥኖች ነበር። ዳግማዊ እ.ኤ.አ. በ2015 ያወጣው ይህ የ17 ደቂቃ ፊልም ቁጥሩን ትቶ ስሞቹን ያነሣል፤ ነጭ ጨርቅ የለበሱ ምስሎች በባሕር ውኃ ውስጥ ሲንሳፈፉ እየታዩ፣ የአንዲት ሴት ድምፅ በትግርኛ ለሟቾቹ እየተናገረ፣ በመጨረሻ የሟቾቹ ስም አንድ በአንድ ይጠራል። ጥሪው ረጅም ነው፤ ተመልካቹ በቃኝ ሊል የሚደርስበት ጊዜ አለ፤ ፊልሙ ግን አያሳጥርም፤ የቀረውን ስም ሁሉ ቁጭ ብሎ መስማት ለሟች የሚከፈል ትንሹ ዕዳ ነው ብሎ ያስባልና። በፊልም ሙያ ረጅም መሆን ብዙ ጊዜ እንደ ጉድለት ይቆጠራል፤ እዚህ ግን ርዝመቱ ራሱ የፊልሙ ሐሳብ ነው። የጣሊያን ፓርላማ እ.ኤ.አ. በ2016 ባወጣው ሕግ ያችን ቀን በስደት መንገድ ላይ የሞቱ ሰዎች የሚታሰቡባት ብሔራዊ ቀን አድርጓታል።

ለልደታ ሰው እንዲህ ያለ የስም ጥሪ እንግዳ ነገር አይደለም። በእድር መዝገብ ስም ይጠራል፤ ለቀብር ያልተገኘው ይታወቃል። በጸሎተ ፍትሐት የሟች ክርስትና ስም ይነሣል። በእመቤታችን ልደት ስም በተጠራችው በልደታ ቤተ ክርስቲያንም፣ እንደ ሌሎቹ አብያተ ክርስቲያናት ሁሉ፣ ከመስከረም 26 ጀምሮ እስከ ኅዳር መግቢያ ባለው ወርኃ ጽጌ ድንግል ማርያም ልጇን ታቅፋ ወደ ግብፅ የተሰደደችበት መከራ ሌሊቱን ሙሉ በማኅሌት ይዘከራል፤ ስደት በዚህ ሥርዓት ውስጥ የሚታሰበው እንደ ጥፋት ወይም እንደ ስንፍና ሳይሆን የተቸገረ ሰው እንደሚጓዘው መንገድ ነው። በአካባቢው በሚኖሩ ሙስሊሞች ዘንድም የነቢዩ ተከታዮች ወደ ሐበሻ ምድር ያደረጉት ስደት በክብር የሚነገር ታሪክ ነው። የላምፔዱዛው አደጋ የደረሰባት መስከረም 23 ወርኃ ጽጌ ሊገባ ሦስት ቀን ሲቀረው መዋሏ አጋጣሚ ቢሆንም፣ ፊልሙን በዓመት አንድ ቀን ለማሳየት ከዚህ የተሻለ ቀን አይገኝም።

ካሜራው በማን እጅ መሆኑ ምን ያህል ክብደት እንዳለው ከሚያሳዩት ነገሮች ሁሉ አስከፊው ደግሞ የአዲስ አበባ ሰው ያልረሳው ነው። ሚያዝያ 11 ቀን 2007 ዓ.ም. ራሱን እስላማዊ መንግሥት ብሎ የሚጠራው ቡድን በሊቢያ ኢትዮጵያውያን ክርስቲያኖችን ሲገድል የሚያሳይ ፊልም አሠራጨ። በቂርቆስ የሚኖሩ ቤተሰቦች የልጆቻቸውን ሞት ያወቁት በዚያ ፊልም ውስጥ ፊታቸውን ለይተው ነበር፤ አገሪቱ የሦስት ቀን ሐዘን አወጀች፤ በመስቀል አደባባይም ሕዝቡ ወጥቶ አለቀሰ። እነዚያን ወጣቶች የሚያሳየው በብዙዎች የታየ ምስል እስከ ዛሬ ገዳዮቻቸው የቀረጹት ነው። እንዴት እንዳደጉ፣ በሰፈራቸው ምን ይወዱ እንደነበር፣ ለምን እንደሄዱ የሚናገር፣ ጓደኞቻቸውና ቤተሰቦቻቸው ፈቅደው የሚሠሩት ፊልም ግን በየሰፈሩ እንዲሠራ የሚያግዝ የመንግሥት አሠራር የለም። ይህ ክፍተት የመላ አገሪቱ ነው፤ ሊሞላ የሚጀምረው ግን ከአንድ ሰፈር ነው።

ልደታ ስለ ስደት ምስክርነት የሚሰጥባት ቦታ መሆኗን ጽሕፈት ቤቱ ከማንም በላይ ያውቃል፤ የፌዴራሉ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ልደታ ምድብ በዚሁ ክፍለ ከተማ ይገኛልና። በ2012 ዓ.ም. አንድ የስደት ተጎጂ በአዲስ አበባ መንገድ ላይ ሲሄድ ያየውን ሰው በሊቢያ ቤኒ ዋሊድ ያሠቃየው የነበረ የሰው አሻጋሪ መሆኑን ለይቶ ለፖሊስ በመጠቆሙ፣ ኪዳነ ዘካርያስ የተባለው በዓለም ዙሪያ የሚታወቅ ኤርትራዊ አሻጋሪ ተይዞ በከፍተኛው ፍርድ ቤት ክስ ተመሠረተበት፤ በ2013 ዓ.ም. ከእስር ቢያመልጥም በሌለበት የዕድሜ ልክ እስራት ተፈርዶበታል፣ ኋላም በሱዳን ተይዟል። ችሎት ግን የራሱ ሥርዓት አለው፤ ምስክር የሚናገረው የተጠየቀውን ብቻ ነው፤ ድብደባው በየትኛው ቀን እንደደረሰ፣ ገንዘቡ በማን ስም እንደተላከ ይጠየቃል፤ ስደተኞቹ መዝራ በሚሉት፣ ደላሎች ሰው አጭቀው በሚያቆዩበት መጋዘን ውስጥ ሌሊቱን እንዴት እንዳሳለፈ፣ ማን ውኃውን እንዳካፈለው፣ ማስለቀቂያውን ለመላክ እናቱ እቁቧን ቀድማ እንዴት እንደወሰደች፣ ተመልሶ ሰፈሩ ሲገባ ለምን ፊቱን እንደሸፈነ የሚጠይቀው ዳኛ የለም፤ መጠየቅም የዳኛ ሥራ አይደለም። ያንን የሚጠይቅ ሌላ ቦታ ያስፈልጋል።

ስለ ስደት አደገኛነት በመንግሥትና በለጋሾች ገንዘብ የሚሠሩ የማስጠንቀቂያ ፊልሞች ይህን ቦታ ሞልተውታል የሚል ክርክር ሊነሣ ይችላል። የጣሊያን የአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስቴር ከዓለም አቀፉ የፍልሰት ድርጅት ጋር እ.ኤ.አ. በ2016 የጀመረው ዘመቻም ከስደት የተረፉ ሰዎችን ምስክርነት ቀርጾ በአፍሪካ የሚያሠራጭ ነበር። በእንዲህ ያሉ ፊልሞች የሚናገሩት ሰዎች እውነቱን ይናገራሉ፤ ክፋቱ የሚጠየቁት ጥያቄ መልሱ አስቀድሞ የታወቀ መሆኑ ነው፤ «አትሂዱ» በሉ ተብለው የተቀመጡ ያህል ነው። የልደታ ወጣት ደግሞ ይህን በቶሎ ይለያል፤ የሰው መከራ ለማስፈራሪያ ሲውል ካየ መከራውንም ማመን ይተዋል። እንደ ዳግማዊ ያለ ፊልም ሠሪ ግን ማንንም ሂድም አትሂድም አይልም፤ የሆነውን ሁሉ በሆነበት ቅደም ተከተል፣ ከነምክንያቱና ከነተጠያቂዎቹ ያቀርባል። ጥንቃቄ የሚመጣውም ከእንዲህ ያለው እውቀት ነው።

ከቀዬ መነሣት ደግሞ ድንበር መሻገር ብቻ አይደለም። የዛሬው የልደታ የጋራ መኖሪያ ሕንጻዎች የቆሙበት ቦታ በ2000ዎቹ ዓ.ም. መጀመሪያ ዓመታት ፈርሶ እንደገና የተገነባ፣ የቀበሌ ቤቶች፣ ጠባብ መተላለፊያዎችና የጋራ ግቢዎች የነበሩበት አሮጌ ሰፈር ነው። የቀበሌ ቤት ተከራይ የነበረው ነዋሪ ወይ ኮንዶሚኒየም እንዲገዛ ወይ በሌላ ሰፈር የቀበሌ ቤት እንዲረከብ ተደረገ፤ የግል ባለቤቱ ምትክ ቦታና ካሳ ተቀበለ፤ ለኮንዶሚኒየሙ የሚከፈለውን ቅድሚያ ማሟላት ያልቻለውም ከጎረቤቱ ተለየ። አዲሶቹ ሕንጻዎች ንጹሕ ውኃና የተሻለ መጸዳጃ ይዘው መምጣታቸው አይካድም፤ ነገር ግን በአንድ ግቢ በር ገጥመው የቡና አጣጪ የነበሩ ሰዎች በአንድ ዓመት ውስጥ ወደ ከተማዋ አራት ማዕዘን ተበተኑ፤ የእድር ድንኳን፣ ድስትና ወንበር ማን ይያዝ የሚለው ራሱ ጭቅጭቅ ሆነ። አሮጌውን ልደታ ያዩ አዛውንቶች እያለፉ ነው። የሰፈሩ መልክ በፕላንና በካሳ ሰነድ ውስጥ ይገኛል፤ በነዋሪው አንደበት የተተረከው ግን እስካሁን ያለው በየሰው ልብ ብቻ ነው፤ የሰውየው ዕድሜ ሲያልቅም አብሮ ያልቃል።

የዚህ ዓይነት ሥራ በአገራችን ሰዎች እጅ ቀደምት አለው። ሳሌም መኩሪያ እ.ኤ.አ. በ1991 ባወጣችው «ስደት» በተሰኘው ዘጋቢ ፊልም በሱዳን የተጠለሉ ሦስት ሴቶችን ሕይወት አሳይታለች፤ እ.ኤ.አ. በ1997 በወጣው «የወንዝ ማይበል» ደግሞ በአብዮቱ ዘመን ያጣችውን ወንድሟንና የቅርብ ጓደኛዋን ታሪክ ለማንሣት ከአሜሪካ ወደ አገሯ ተመልሳለች። ይህ ሁለተኛው ፊልም የተሠራው በቤተሰብ ሐዘን ላይ ቆሞ የአገርን ሐዘን በመጠየቅ ነው። በአገር ውስጥ የሚማሩ የፊልም ተማሪዎች እነዚህን ፊልሞች በቀላሉ የሚያገኙበት መንገድ አለመኖሩ የአንድ ሠሪ ችግር ሳይሆን የባህል ተቋማት ሁሉ ችግር ነው።

ኢትዮጵያ ራሷም ከአንድ ሚሊዮን በላይ የደቡብ ሱዳን፣ የሶማሊያ፣ የኤርትራና የሱዳን ስደተኞችን ታስተናግዳለች፤ ከ2011 ዓ.ም. ወዲህ በአዋጅ ቁጥር 1110 መሠረት እነዚህ ሰዎች የመማርና በሕጉ በተወሰነው መንገድ የመሥራት መብት አላቸው፤ ከእነርሱም በአዲስ አበባ የሚኖሩት ከዚህ ሥራ ሊገለሉ አይገባም።

እንግዲህ የሚጠየቀው ትልቅ በጀት አይደለም። በየወረዳው ካሉት የወጣቶች ስብዕና መገንቢያ ማዕከላት በአንዱ ውስጥ ጸጥ ያለ አንድ ክፍል፣ ሁለት ካሜራ፣ ከካሜራው ይበልጥ የሚያስፈልገው ጥሩ የድምፅ መቅጃ፣ ለአርትዖት የሚሆን ኮምፒዩተርና ቅጂውን የሚይዝ ቋት ይበቃል። ዛሬ ብዙ ወጣት በስልኩ ፊልም ይቀርጻል፤ የጎደለው መሣሪያው ሳይሆን የአሠራሩ ሥርዓት ነው። ዳግማዊና በኢትዮጵያ ታሪክ ጥናቱ የሚታወቀው ጣሊያናዊው ፕሮፌሰር አሌሳንድሮ ትሪውልዚ ከሌሎች ጋር በሮም የመሠረቱት የስደተኞች ትዝታ መዝገብ ለዚህ አርአያ ሊሆን ይችላል፤ በዚያ አሠራር ተናጋሪውና አዳማጩ እኩል በክበብ ይቀመጣሉ፣ የሚቀረጸው ሰው በኋላ ራሱ ቀራጭ ይሆናል፤ ይህን አሳታፊ ቀረጻ ይሉታል። ከዓረብ አገር የተመለሱ ሴቶች፣ ለምሳሌ በ2006 ዓ.ም. ሳዑዲ ዓረቢያ ከ160,000 በላይ ኢትዮጵያውያንን ስታስወጣ ከተመለሱት መካከል ያሉት፣ በዚህ ክበብ ውስጥ ለወንድ ጠያቂ የማይናገሩትን ለእኅቶቻቸው ሊናገሩ ይችላሉ፤ ስለዚህ ከሠልጣኞቹ ግማሾቹ ሴቶች እንዲሆኑ ከወዲሁ መወሰን ያስፈልጋል።

ከክፍሉና ከመሣሪያው በፊት መዘጋጀት ያለበት ግን የፈቃድ ውል ነው፤ ይህ ሳይሠራ አንድም ሰው ካሜራ ፊት ባይቀመጥ ይሻላል። በሊቢያ የደላላ ዕዳ ያለበት ሰው፣ ወንድሙ አሁንም በዚያ የታገተበት፣ ወይም በሌላ አገር የጥገኝነት ማመልከቻ ያስገባ ቤተሰብ ያለው ሰው ፊቱ ቢታይ ጉዳቱ የእርሱ ብቻ አይሆንም። ስለዚህ ውሉ በተናጋሪው ቋንቋ ተጽፎና በቃል ተነብቦለት፣ ፊቱ ወይም ድምፁ ይታይ አይታይ፣ ፊልሙ በአዳራሽ ብቻ ይሁን በቴሌቪዥንም፣ ዛሬ ይውጣ ወይስ ከዓመታት በኋላ የሚለውን ራሱ እንዲመርጥ፣ ሐሳቡን ሲለውጥም የተቀረጸው እንዲመለስለት ሊያስችለው ይገባል። የማንኛውም መሥሪያ ቤት ዓርማ በፊልሙ ላይ መለጠፍና ይዘቱን አስቀድሞ አስፈቅዱ ማለት ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው፤ ጽሕፈት ቤቱ የመጀመሪያውን ሊጠይቅ ይችላል፤ ሁለተኛውን ከጠየቀ ግን ክፍሉ ባዶውን ይቀራል፣ ሰውም እውነቱን ይዞ ወደ ቤቱ ይሄዳል።

የሚሰበሰበው ሥራ አንድ ቅጂ በኢትዮጵያ ቤተ መዛግብትና ቤተ መጻሕፍት አገልግሎት፣ ሕዝቡ ወመዘክር ብሎ በሚጠራው ተቋም፣ በተናጋሪዎቹ ቅድመ ሁኔታ መሠረት በአደራ እንዲቀመጥ ጽሕፈት ቤቱ ከወዲሁ መነጋገር ይችላል። አሮጌውን ልደታ የሚያስታውሱ አዛውንቶች ግን ተቋማት እስኪስማሙ የሚጠብቁበት ጊዜ ስለሌላቸው፣ ቀረጻው ከእነርሱ ቢጀመር፣ ለዚህም የየእድሩ ዳኞችና ጸሐፊዎች ነባር መዝገቦቻቸውን ይዘው እንዲመጡ ቢጠየቁ መልካም ነው።

ከሁሉ አስቀድሞ ደግሞ ጽሕፈት ቤቱ ከፊልም ሠሪው ፈቃድ ጠይቆ፣ የትግርኛውን ንግግር በአማርኛ አስተርጉሞ፣ «አስማት»ን በመጪው መስከረም 23 ከክፍለ ከተማው አዳራሾች በአንዱ ያለ ክፍያ እንዲያሳይ ይጠየቃል። ፊልሙ 17 ደቂቃ ብቻ ስለሆነ ከእይታው በኋላ ያለው ሰዓት ለንግግር ሳይሆን በልደታ፣ በቂርቆስና በአጎራባች ሰፈሮች በበረሃ፣ በባሕርና በሰው አገር የቀሩ ልጆቻቸውን ስም ለሚያስመዘግቡ ቤተሰቦች ይተው፤ በሩም አጠገብ አንድ መዝገብና አንድ ጸሐፊ ይቀመጥ።

ግልባጭ፦
ለአዲስ አበባ ከተማ አስተዳደር ባህል፣ ኪነ ጥበብና ቱሪዝም ቢሮ
ለኢትዮጵያ ቤተ መዛግብትና ቤተ መጻሕፍት አገልግሎት
ለስደተኞችና ከስደት ተመላሾች አገልግሎት
በልደታ ክፍለ ከተማ ለሚገኙ እድሮች በሙሉ